አኩርፌ ያጠፋሁት አካውንት

እሑድ፣ ነሐሴ 4

አጠፋሁት። «እርግጠኛ ነህ?» አለኝ የጌም ማሽኑ። አዎ። «አንዴ ከጠፋ አይመለስም» አለኝ። አይመለስ። ፓስወርድ አስገባ አለኝ፤ አስገባሁ። አለቀ። ከዚያ ሻይ አፍልቼ ጠጣሁ። ደስ ብሎኛል።

ለምን እንዳደረግኩት ልጻፍ፤ ነገ ሲበርድልኝ እንዳልክደው። ትናንት ከከድር ጋር ስንጫወት ነበር። ከድር ታላቅ ወንድሜ ነው። ደቡብ አፍሪካ ሱቅ አለው፤ ከሄደ ዓመታት ሆኑት። የጌም ማሽኑን የላከልኝ እሱ ነው። አካውንቱንም ራሱ ከፍቶ የሰጠኝ እሱ ነው፤ ጌሞቹንም እዚያው ሆኖ እየገዛ የሚሞላልኝ እሱ ነው። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ እሱ እዚያ ሱቁን ይዘጋል፤ እኔ እዚህ ሆሳዕና የባጃጅ መለዋወጫ ሱቄን እዘጋለሁ፤ ማዳመጫ አድርገን ኳስ እንጫወታለን። ወሬያችንም በዚያው ነው። በስልክ ከሆነ ሁለታችንም «ሰላም ነው? ደህና ነህ? እማዬስ?» ብለን ዝም እንላለን። ኳስ ላይ ግን አፋችን ይፈታል።

ትናንት ከልክ በላይ ተፈታ። ዳምቦያ ያለውን የአባባን ቤት አፍርሰህ አዲሱን አስጀምር አለኝ። አሁን፣ በዚህ ዝናብ! እማዬ እኮ እዚያ ቤት ውስጥ ናት። መስከረም ይጥባና እናፈርሳለን አልኩት። አይ፣ አሁን። እማዬ የት ትግባ? ዘመድ ጋ ትቀመጥ። በነሐሴ? እንዲህ እንዲህ ስንባባል በመሃል ሁለተኛ ግብ አገባሁበት። ያኔ ነው የተናገረኝ።

«አንተ ጌም ከመጫወት ሌላ ምን ታውቃለህ?»

ይህን የሚለኝ ጆይስቲክ ይዞ ነው! ሁለት ለዜሮ እየተመራ! እኔ ቀኑን ሙሉ ከባጃጅ ሾፌር ጋር ስጨቃጨቅ እውላለሁ፣ በየአሥራ አምስት ቀኑ ዳምቦያ ወርጄ የእማዬን ጣሪያ አያለሁ፣ ከዚያ ጌም ተጫዋች እባላለሁ። ማዳመጫውን ወርውሬ ወጣሁ። ዛሬ ጠዋት ደግሞ አካውንቱን ከነስሩ ነቀልኩት። ጌም ተጫዋች ካልከኝ አልጫወትም።

ይደውላል። ይለምነኛል። በቤተሰባችን የቴሌግራም ግሩፕ እኔ ስንቴ አኩርፌ ወጥቻለሁ፤ በማግስቱ አክስቴ መልሳ ታስገባኛለች። የእኛ ቤት ሰው ሁሉ እንዲሁ ነው። ከድር ራሱ ባለፈው አረፋ ወጥቶ የበጉ ሥጋ ሳያልቅ ተመልሷል። መውጣት ማለት ጥሩኝ ማለት ነው። ያውቀዋል።


ሰኞ፣ ነሐሴ 5

አልደወለም።

ሱቅ ዋልኩ። ዝናብ። ሰው የለም። አንድ ሾፌር የፍሬን ሸራ ገዝቶ ሄደ፤ ተመልሶ ቁጥሩ ልክ አይደለም ብሎ ጮኸብኝ። ልክ ነው። የገጠመው በግልባጭ ነው።

ማታ ኩርፊያዬ ለቀቀኝ። እሺ፣ ራሴ ልግባ፣ ለአንድ ቀን ይበቃዋል ብዬ ማሽኑን ከፈትኩ። ስሜ የለም። ጌሞቹ በሙሉ ላያቸው ላይ ቁልፍ ተስሎባቸዋል። አንዱን ስነካ «ይህ ጨዋታ የአንተ አይደለም» ዓይነት ነገር ይለኛል። ኢሜይሌን አስገባሁ፤ እንዲህ የሚባል ሰው አላውቅም አለኝ። የዓመታት ቡድኔ፣ ከታች ዲቪዚዮን ጀምሬ ያሳደግኩት፣ ከነዋንጫው ጠፋ።

ከሱቄ ጎን ስልክ የሚጠግን ታሪኩ የሚባል ልጅ አለ። ሮጬ ሄድኩ፤ ሊዘጋ ሲል ደረስኩበት። ነገርኩት። ሳቀ፣ ሳቀ፣ ዓይኑን ጠረገ።

«ጀማልዬ፣ ይሄ የቤተሰብ ግሩፕ መሰለህ እንዴ? ይሄን ማን መልሶ ያስገባሃል? አክስትህ?»

ከኩባንያው ሰዎች ጋር በጽሑፍ አገናኘኝ። ሰዎች ልበል እንጂ ማሽን ነው የሚመልሰው። በጣም ትሑት ነው። ችግርህ ይገባናል ይላል። አካውንቱ አይመለስም ይላል። እናዝናለን ይላል። እንግሊዝኛዬን ሰብስቤ «ተናድጄ ነው ያጠፋሁት፣ የምሬን አይደለም» ብዬ ጻፍኩለት። ሌላ የምንረዳህ ነገር አለ? አለኝ።


ማክሰኞ፣ ነሐሴ 6

እማዬ ገና ጎህ ሳይቀድ ደወለች። ማልቀስ የጀመረችው ከሰላምታው በፊት ነው።

«ወንድምህን ቆረጥከው?»

ማንን? እኔ? እሑድ ዕለት ከድር ደውሎላት ኖሯል። «ጀማል ከእኔ ጋር ጨርሷል፤ ስሙን እንኳ እንዳላይ አጥፍቶ ሄዷል» ብሏታል። እሷ አካውንት ምን እንደሆነ አታውቅም፤ ስለዚህ የምታውቀውን ነው የገመተችው። ልጆቿ ተቆራርጠዋል። እሷ ስትሞት ሁለቱ በአንድ ድንኳን አይቀመጡም። እዚያ ድረስ ሄዳለች።

«እማ፣ ጌም ነው። ጨዋታ ነው» አልኳት።

«ጨዋታ ከሆነ ልጄ ለምን ያለቅሳል?»

ከድር አለቀሰ? ለእኔ ያልነገሩኝ ነገር አለ። ወይ እሷ ጨምራበታለች። እማዬ መጨመር ትወዳለች። ግን ቀኑን ሙሉ ይህቺ ነገር ከጭንቅላቴ አልወጣችም። ለደንበኛ በሞተር ሻማ ፈንታ ሰንሰለት ሰጠሁት።


ረቡዕ፣ ነሐሴ 7

ከድር ስልክ አያነሳም። ጠዋት ደወልኩ፣ ምሳ ሰዓት ደወልኩ፣ ከሰዓት ደወልኩ። ይጠራል፣ ይጠራል፣ ይቆማል። ድምፅ ቀድቼ ላክሁለት። መጀመሪያ የላክሁት ይቅርታ ነበር። ሁለተኛው ማብራሪያ ነበር። ሦስተኛው ላይ ተናደድኩና «አንተም እኮ ሰድበኸኛል» አልኩ። ያን አጠፋሁት፤ ሳይሰማው ነው ያጠፋሁት፤ ይህን ማጥፋት እንኳ ቀላል ነው።

አንዱንም አልከፈተም።

እኔ ምን አደረግኩ? ሰው ገደልኩ? የኳስ ጨዋታ ነው! እሱ የሰደበኝ ቀረና እኔ ቆራጭ ሆንኩ። ታላቅ መሆን እንዴት ደስ ይላል። ታላቅ ሲሳደብ ምክር ነው፤ ታናሽ ሲያኮርፍ ክህደት ነው።

ማምሻውን ስልኬ ጮኸ፤ ከድር መስሎኝ ዘልዬ አነሳሁ። ሐጂ ኑርሰቦ ናቸው፤ የአባባ የአጎት ልጅ፣ ዳምቦያ ሰው ሲጣላ የሚጠሩት እሳቸው ናቸው። ነገ ጠዋት ከአቶ ዴታሞ ጋር እንመጣለን፣ ቤት ጠብቀን አሉኝ። ለምን? «ወንድምህ ሽምግልና ልኮናል።»

ሽምግልና! በጌም አካውንት!


ሐሙስ፣ ነሐሴ 8

የምሬን ነው የምጽፈው፣ መጡ። በዚያ ዝናብ፣ በመጀመሪያው ሚኒባስ፣ ጭቃ እስከ ቁርጭምጭሚታቸው። ሐጂ ኮፍያቸው ላይ ፌስታል አጥልቀዋል። አቶ ዴታሞ ጡረታ የወጡ አስተማሪ ናቸው፤ የአባባ ጓደኛ ነበሩ፤ ለእኔም አራተኛ ክፍል ሒሳብ አስተምረውኛል፤ ገርፈውኛልም። የተከራየኋት ክፍል ውስጥ አንድ ወንበር ነው ያለኝ። ሐጂ ወንበሩ ላይ፣ አቶ ዴታሞ አልጋው ላይ፣ እኔ የብሎን ካርቶን ላይ ተቀመጥኩ። ሻይና ዳቦ አቀረብኩ።

በከምባትኛ ትንሽ ተነጋገሩ፤ እኔ የማልሰማ ይመስል። «ክስቷል» ይላሉ። ከዚያ ሐጂ ወደ አማርኛ ዞሩ፤ ነገር ሲመር ወደ አማርኛ ይዞራሉ።

«ዕቃው የታለ?»

አሳየኋቸው። ማሽኑን ከላይ ከታች አዩት። ይህ ነው? ይህ ነው። ሁለታችሁ እዚህ ውስጥ ትገናኙ ነበር? አዎ። አሁን አንተ ወጣህ? አዎ። ለምን አትመለስም? አይቻልም፤ በሩ ተዘጋ። ማን ዘጋው? እኔ። ስትዘጋው እንደማይከፈት ነግረውህ ነበር? አዎ። ስንት ጊዜ? ሻይ ጨመርኩላቸው።

አቶ ዴታሞ ያን ጊዜ ሻያቸውን አስቀመጡ። «እስቲ እውነቱን ንገረን። የወጣኸው ሊጠሩህ ነው፣ አይደለም?»

አዎ አልኩ። ምን ልበል? አራተኛ ክፍል የተመለስኩ መሰለኝ።

«ሠርግ ላይ አኩርፎ የሚወጣ ሰው አጥሩ ጋ ይቆማል» አሉ። «ጠሪው እንዳያጣው። አንተ ግን አጥሩ ጋ አልቆምክም፤ የቆምክበትን መሬት ይዘህ ነው የሄድከው። ወንድምህ ከየት ይጥራህ?»

ተናደድኩ። ትክክል ስለሆኑ ነው የተናደድኩት። እሱ የሰደበኝስ? አልኩ፤ ሁሉንም ነገርኳቸው፤ የአባባን ቤት፣ ዝናቡን፣ እማዬን። ሐጂ ራሳቸውን ነቀነቁ። ይህን ከድር አልነገራቸውም። ደወሉለት። ለእሳቸው ወዲያው አነሳ! ድምፅ ማጉያው ላይ አደረጉት።

ሐጂ መጀመሪያ ከድርን ወቀሱት። «በነሐሴ እናትህን ከቤት ልታወጣ ነው? ታናሽህን እንዲህ ብለህ ተናገርከው?» አላስተባበለም። እንዲህ አለ፦

«ሐጂ፣ ልክ ነዎት፣ አጥፍቻለሁ። እሑድ ጠዋት ማሽኑን የከፈትኩት ይቅርታ ልለው ነበር። ስፈልገው ስሙ የለም። ብጽፍ አይሄድም። ብፈልግ እንዲህ የሚባል ሰው የለም ይለኛል። ሰው ሲሞት እንኳ ስልኩ ላይ ስሙ ይቀራል።»

ወደ ስልኩ ተጠጋሁ። «ከድር» አልኩ። መስመሩ ተቋረጠ። ኔትወርክ ይሁን እሱ ይሁን አላውቅም።

ፍርዱ ይህ ነው። ከድር ስድቡን አንስቷል፤ ቤቱም እስከ መስከረም አይነካም። እኔ ደግሞ ታናሽ ነኝ፣ በሩንም የዘጋሁት እኔ ነኝ፤ አዲስ በር ከፍቼ እኔው አንኳኳለሁ። ከውስጥ እስኪከፈት ድረስ ደግሞ እጠብቃለሁ፤ አልጮህም፣ አላኮርፍም። ሐጂ ዱዓ አደረጉ። አቶ ዴታሞ አሜን አሉና በጸሎት ዘጉ። ለጌም ማሽን በሁለት ሃይማኖት ተጸለየ።

መናኸሪያ ሸኘኋቸው። አቶ ዴታሞ ሚኒባሱ ውስጥ ሆነው በመስኮት «ለመሆኑ ማን ነው የሚያሸንፈው?» አሉኝ።


ዓርብ፣ ነሐሴ 9

አዲስ በር መክፈት ቀላል መስሏቸዋል!

አሮጌ ኢሜይሌን አይቀበልም፤ የጠፋ ሰው ኢሜይል ነው ይላል። አዲስ ኢሜይል ከፈትኩ። አገር ምረጥ አለ። ፊደል በፊደል ፈለግኩ፤ ኢትዮጵያ ዝርዝሩ ውስጥ የለችም። ለካ ከድር ያኔ በራሱ አድራሻ ነው የከፈተልኝ። ስለዚህ እኔም ደቡብ አፍሪካ አልኩ። እሱ ድንበር በእግሩ አቋርጦ ታስሮ ተፈትቶ ነው የገባው፤ እኔ አልጋዬ ላይ ተቀምጬ ገባሁ። ስቄ ነበር፤ ቀጥሎ ሳቁ አልመጣልኝም።

ስም ምረጥ አለ። የድሮ ስሜን ጻፍኩ። ተይዟል። በማን? በእኔ! በጠፋሁት በእኔ። ለማንም አይሰጥም አለ፤ ለባለቤቱም ቢሆን። ሌላ ሞከርኩ፣ ተይዟል። ሌላ፣ ተይዟል። ልጨርስ ስል መብራት ሄደ።

ጁምዓ ሰግጄ ተመለስኩ። ሐጂ ደውለው «አንኳኳህ?» አሉኝ። መብራት የለም አልኳቸው። «ሰበብ አይደለም?» አይደለም፣ ወላሂ።

መብራቱ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ መጣ። ስም አገኘሁ፤ መጨረሻው ላይ ቁጥር ያለበት አስቀያሚ ስም። የተገዙት ጌሞች ስለተቆለፉ በነፃ የሚወርደውን የኳስ ጌም ማውረድ ጀመርኩ። ይወርዳል፣ ይቆማል፣ ይወርዳል። ዝናብ በመጣ ቁጥር ኔትወርኩ ይደክማል፤ ዝናቡ ደግሞ አይሄድም።


ቅዳሜ፣ ነሐሴ 10

የጓደኝነት ጥያቄ ልልክ ተቀመጥኩ። የከድርን ስም ጻፍ አለኝ። የከድር ስም ማን ነበር? ይህን ሁሉ ዓመት እዚያው ተቀምጦ አየዋለሁ፤ አንድ ቀን ጽፌው አላውቅም። ከድር ላይ ቁጥር አለ፣ መስመር አለ፣ የሆነ ፊደል ሁለቴ ይደጋገማል። የመሰለኝን ሁሉ ሞከርኩ። አንድ የማላውቀው ብራዚላዊ ጥያቄዬን ተቀበለኝ።

ለከድር ልደውል? ጠብቅ ተብያለሁ። ለሐጂ ደወልኩ። ሐጂ ለከድር ደወሉ። ከድር ስሙን ለሐጂ በመልእክት ላከ። ሐጂ የላቲን ፊደል አያነቡም፤ ስልካቸውን ይዘው በዝናብ አቶ ዴታሞ ቤት ሄዱ። አቶ ዴታሞ ደወሉልኝና መነጽራቸውን እስኪያገኙ ጠበቅኩ።

«ጻፍ። ኬ። ኢ። ዲ። ሌላ ዲ። ለምን ሁለት ዲ አስፈለገው?»

«አላውቅም ጋሼ።»

«ከታች መስመር አለ። ከዚያ ቁጥር። ይህን ስም ማን አወጣለት? እናትህ ያወጣችለት ምን አጠፋ?»

ጻፍኩ። ወጣ። ፎቶው እሱ ነው፤ ሱቁ በር ላይ፣ ከብረት ፍርግርጉ ኋላ። ጥያቄውን ላክሁ። «ምላሽ በመጠበቅ ላይ» አለ።

ጌሙም ወርዶ አለቀ። ዘጠኝ ሰዓት ሱቄን ዘጋሁ። ማዳመጫዬን አድርጌ ተቀመጥኩ። ምላሽ በመጠበቅ ላይ። አሥር ሰዓት። ምላሽ በመጠበቅ ላይ። ይህን ጊዜ ሌላ ቀን ቢሆን ማሽኑን ነቅዬ፣ ግሩፑንም ለቅቄ፣ ስልኬንም አጥፍቼ ተኝቼ ነበር። አላደረግኩትም። ለሐጂ ብዬ አይደለም። «ስፈልገው ስሙ የለም» ያለው ድምፁ ጆሮዬ ውስጥ ነው።

አልመጣም። መሸና ዘጋሁት። በጣም ከፍቶኛል፤ ለማንም አልነገርኩም።


እሑድ፣ ነሐሴ 11

ተቀበለኝ።

ጠዋት ፊቴን ሳልታጠብ ነው የከፈትኩት። የጓደኞች ዝርዝሬ ውስጥ ሁለት ሰው አለ፤ ከድርና ያ ብራዚላዊ። ለካ፣ በኋላ እንደነገረኝ፣ ትናንት እዚያ ሰፈር መብራት ጠፍቶ ነው የዋለው፤ ሌሊት ነው ያየው። እኔ ደግሞ ስንት ነገር አስቤ አድሬያለሁ።

ከድር እስኪገባ ድረስ የእሱን ገጽ ከፍቼ አየሁ። በአዲስ ዓይን ስለሆነ ነው መሰለኝ ያልተመለከትኩትን ሁሉ አየሁ። «ጓደኞች» ከሚለው ጎን ቁጥር አለ። አንድ ይላል። ገና አልጫነም ብዬ ወጥቼ ገባሁ። አንድ። ነካሁት። አስቀያሚው አዲሱ ስሜ ብቻውን ተቀምጧል፤ ሌላ ማንም የለም።

እኔ የመሰለኝ ሌላ ነበር። ትልቅ አገር ነው፣ የሰፈሩ ሰው አለ፣ የእኛ አገር ልጆች አሉ፤ ከሁሉም ጋር ይጫወታል፣ ቅዳሜ ደግሞ ተራው የእኔ ነው ብዬ ነበር። ሱቁን ገና ሳይመሽ የሚዘጋው ፍርሃት ስላለ ነው፣ ማታ ከፍርግርጉ አይወጣም፤ ይህን ነግሮኛል፤ ሰምቼ አልሰማሁትም። ያለፈው ሳምንትም አንድ ነበር ማለት ነው። እሑድ ጠዋት ይቅርታ ሊለኝ ሲከፍት ዜሮ ነበር። አፈርኩ። እውነቴን ነው፣ እንባዬ መጣ።

ማዳመጫው ውስጥ ኮሽ አለ።

«ትሰማኛለህ?»

«እሰማሃለሁ።»

«እማዬ ደህና ናት?»

«ደህና ናት። ጣሪያውን ባለፈው አይቼዋለሁ፤ አያፈስም።»

«ጥሩ። ያን ቀን የተናገርኩህን...»

«ተወው። እኔም...»

«ተወው» አለ እሱም።

ጀመርን። የእኔ ቡድን ከዜሮ የተነሳ ነው፤ ተጫዋቾቼ መሮጥ አይችሉም፤ በረኛዬ የተኛ ነው። ወዲያው አገባብኝ። ወዲያው ደገመ። ሌላ ጊዜ ቢሆን ሰበብ እደረድር ነበር። ዛሬ እየተሸነፍኩ ደስ አለኝ። የሱቁ በር ሲንኳኳ ይሰማኛል፤ ሰው ዳቦ ይጠይቃል፤ በማላውቀው ቋንቋ መልስ ሰጥቶ ይመጣል።

ልጠይቀው አልፈለግኩም ነበር፤ አፌ አመለጠኝ።

«ከድር፣ ለምን እዚያ ሌላ ሰው አትጨምርም?»

ኳሱ እሱ ጋ ነበር። አቆመው። ተጫዋቹ ሜዳው መሃል ዝም ብሎ ቆመ።

«ማንን ልጨምር?» አለኝ።

ኳሱን አንቀሳቀሰ፤ ሄዶ አገባብኝ። ኳሱን አስቀምጬ ከመሃል ጀመርኩ።